የፈላና በር የአሥራ ሁለት ሰዓት አውቶቡስ

ማክሰኞ፣ ኅዳር ፱ ቀን ፲፱፻፷፪ ዓ.ም.፣ ከጠዋቱ በሦስት ሰዓት ተኩል፣ በሐረር ማዘጋጃ ቤት አዳራሽ የተጠራው የማጣራት ስብሰባ ተከፈተ። ጉዳዩ የአንድ የአውቶቡስ ማኅበር አክሲዮን ለሌላ የአውቶቡስ ማኅበር መሸጥ ነበር። ሻጩ አልመጡም። ሽያጩን የተቃወሙትም አልመጡም።

አዳራሹ ውስጥ የነበርነው ስድስት ሰዎች ነን። ከአዲስ አበባ እስከ ድሬዳዋ በባቡር የመጡት ሰብሳቢና ሁለቱ የኮሚቴ አባላት፣ የገዢው ማኅበር ወኪል፣ የማዘጋጃ ቤቱ ጸሐፊ፣ እና እኔ። እኔ የአንድ ጋዜጣ የሐረር ዘጋቢ ነበርኩ።

በዚያን ጊዜ ከሐረር ድሬዳዋ መንገደኛ የሚያመላልሱ ማኅበሮች ሁለት ነበሩ። ትንሹን የጀጎል ሰው በሙሉ «የሐጂ አውቶቡስ» ነበር የሚለው። ሐጂ የሐረሪ ሽማግሌ ናቸው፤ ከማኅበሩ አክሲዮን ከግማሽ በላይ የእሳቸው ነበር፣ የቀረው የዘመዶቻቸው። ሌላው ማኅበር መቀመጫው ድሬዳዋ ሲሆን አውቶቡሶቹ ብዙና አዳዲስ ናቸው፤ ሰው «ትልቁ ማኅበር» ይለዋል። ሐጂ ደከሙ። ልጃቸው መምህር ሆኖ ሌላ አገር ቀርቷል፤ አውቶቡስ የሚባል ነገር ማየት አይፈልግም። ስለዚህ ድርሻቸውን ለትልቁ ማኅበር ለመሸጥ ተስማሙ። ሽያጩ ከጸደቀ መንገዱ በአንድ ባለቤት እጅ ይገባል። ይህ በሕዝብ ላይ ጉዳት ያመጣ እንደሆነ ለማጣራት ነው ጉዳዩ ከሚመለከተው ሚኒስቴር ሦስት ሰዎች የተላኩት።

ተቃዋሚዎቹ የፈረስ መጋላ ገበያ አራት ባለሱቆች ነበሩ። ዕቃቸውን ከድሬዳዋ የሚያመጡት በአውቶቡስ ጣሪያ ነው። ማመልከቻቸውን ያጻፉት ፍርድ ቤቱ አጠገብ ጠረጴዛ ዘርግቶ ከሚሠራ ማመልከቻ ጸሐፊ ዘንድ ነበር። ሰውየው የእጅ ጽሑፉ ያምራል፤ ነገር ግን የንግድ ጉዳይ ይዞ ለመጣ ሁሉ የሚጽፈው አንድ ዓይነት ነው፦ «ዋጋ ይንርብናል፣ ድሃው ይጎዳል።» ለባለሱቆቹም ይህንኑ ጻፈላቸው። ግልባጩን አይቼዋለሁ። ሁለት ገጽ ሙሉ ስለ ጉዞ ዋጋ ይናገራል። የጉዞ ዋጋ ደግሞ በመንግሥት የተወሰነ ነው፤ ታሪፉ በየአውቶቡሱ ከሾፌሩ በላይ ተለጥፏል። ሁለት ማኅበር ቢኖርም አንድ ቢኖርም አይለወጥም። ኮሚቴው አዲስ አበባ ሆኖ ያነበበው ይህን ማመልከቻ ነው፤ ስለዚህ ይዞት የመጣው ጥያቄ የዋጋ ጥያቄ ነበር።

ስለ ሰዓት ማመልከቻው አንድ ቃል አልነበረውም።

እኔ ስለ ሰዓቱ የማውቀው በሥራዬ ምክንያት ነው። ዜናዬን በፖስታ አሽጌ በመጀመሪያው አውቶቡስ ሾፌር እጅ እልካለሁ፤ እሱ ድሬዳዋ ባቡር ጣቢያ ያደርስልኛል። አንድ ጊዜ አዘጋጁ ዜናህ ዘገየ ብሎ ስለወቀሰኝ፣ አውቶቡሱ የሚነሳበትን ሰዓት በየቀኑ በደብተር መመዝገብ ጀመርኩ። ምዝገባው ሲከማች አንድ ነገር አየሁ። የሐጂ የመጀመሪያ አውቶቡስ ከጀጎል ግንብ በሮች አንዱ ከሆነው ከፈላና በር ውጭ ካለው መነሻ ጠዋት በአሥራ ሁለት ሰዓት ይነሳል። ሞላም አልሞላም ይነሳል። የትልቁ ማኅበር አውቶቡስ አምስት ወይም አሥር ደቂቃ ቆይቶ ይከተላል። ወደ ቀትር ግን፣ የሐጂ ሁለት አውቶቡሶች ወጥተው ሲያልቁ፣ የትልቁ ማኅበር አውቶቡሶች የሚነሱት ወንበሩ ሲሞላ ብቻ ነው። አንድ ሰዓት የሚቆሙበት ቀን አለ፣ ሁለት ሰዓትም የሚቆሙበት አለ።

በመጀመሪያው አውቶቡስ ከማይቀሩት አንዷ ከሶፊ የምትመጣ ጫት ነጋዴ ነበረች። ሰው ሁሉ አዴ ይላታል፤ እኔም እንደዚያው ነበር የምጠራት። ከቀዬዋ በአህያ ተነስታ፣ በሙዝ ቅጠል የተጠቀለለ ጫቷን ይዛ፣ ፈላና በር ጎህ ሲቀድ ትደርሳለች። ድሬዳዋ ባቡር ጣቢያው አጠገብ ሙሉ ጭነቷን የሚረከባት አንድ ደንበኛ ነበራት። ደንበኛው የሚረከበው እስከ አራት ሰዓት ነው፤ ከምሳ በኋላ ለበርጫ፣ ጫት ለመቃም፣ ለሚቀመጡት ሰዎች ማከፋፈል አለበት። ያለ እሱ ጫቷን ሐረር ውስጥ ለደላላ ከመጣል በቀር ሌላ መንገድ የላትም። ይህን እሷው ነግራኛለች፤ በኋላም ድሬዳዋ ወርጄ ደንበኛውን ጠይቄ ያንኑ ነግሮኛል።

በዚያ ማክሰኞ አሥራ ሁለት ሰዓት ሊሆን አምስት ጉዳይ ሲል መነሻው ጋ ደረስኩ። የሐጂ አውቶቡስ አልነበረም። የትልቁ ማኅበር አውቶቡስ ሞተሩን አጥፍቶ ቆሟል። የሐጂ አውቶቡስ ረዳት በእግሩ መጣና፣ የሐጂ እናት ሌሊት እንዳረፉ፣ ቀብሩ ከቀትር በፊት እንደሚሆን፣ ሾፌሮቹና ረዳቶቹ በሙሉ መቃብር ለመቆፈር እንደሄዱ፣ በዚያ ቀን የሐጂ አውቶቡስ እንደማይንቀሳቀስ ነግሮን ተመለሰ።

አዴ ጫቷን በትልቁ ማኅበር አውቶቡስ ጣሪያ አስጫነች። አንድ ሰዓት ሆነ። የተሳፈረው ስድስት ሰው ነው። ሁለት ሰዓት ሆነ። ጣሪያው ላይ ፀሐይ ስለበረታ ጫቱን አስወረደችና መሬት ላይ አኑራ፣ ውኃ ረጨችበት፣ ጃንጥላዋን ዘረጋችበት። ራሷ ፀሐይ ላይ ተቀመጠች።

የአውቶቡሱ ረዳት ደረጃው ላይ ቁጭ ብሎ ያያታል። «አዴ፣ ጫቱ ዝም ብሎ ተኝቷል፤ አንቺን ምን አስቸኮለሽ?» አላት።

«አንተ ቅጠል ብትሆን ኖሮ ቆርጬ እዚህ ፀሐይ ላይ አስቀምጥህ ነበር፤ ያኔ ትነግረኝ ነበር» አለችው። ወደ እኔ ዞራም፣ «ጋዜጣው፣ አንተስ ምን ትጽፋለህ? አውቶቡስ ቆመ ብለህ?» አለች።

ፖስታዬን ለሾፌሩ ሰጥቼ ወደ ማዘጋጃ ቤት ሄድኩ። ፈረስ መጋላን ሳቋርጥ የአራቱም ባለሱቆች ሱቅ ዝግ ነበር።

ሰብሳቢው በዕድሜ የገፉ፣ ድምፃቸውን ከፍ የማያደርጉ ሰው ነበሩ። ስብሰባውን ከፍተው ሩብ ሰዓት ያህል ጠበቁ። ከዚያ ጸሐፊውን ሰዎቹ በትክክል ተጠርተው እንደሆነ ጠየቁት። ጸሐፊው ከጎጃም ተዛውሮ ከመጣ ሁለት ወሩ ነው፤ መጥሪያው በፊርማ መሰጠቱን አሳየ፣ ለምን እንደቀሩ ግን አያውቅም። የገዢው ማኅበር ወኪል ወረቀቱን እያገላበጠ ነበር። ምክንያቱን ያውቅ እንደነበር ወይም እንዳላወቀ አላረጋገጥኩም።

«እንግዲህ ተቃዋሚ አልቀረበም ብለን እንጻፍ» አሉ ሰብሳቢው። ብዕራቸውን አነሱ፤ ከዚያ ወደ እኔ ቀና አሉ። «አንተ የአገሩ ሰው ነህ። ስመጣ ገበያው ጭር ብሏል። ይህ ሕዝብ የት ሄደ?»

«ቀብር ሄዷል፣ ጌታዬ።»

«የማን ቀብር?»

«የሻጩ እናት አርፈዋል።»

«ተቃዋሚዎቹስ?»

«እነሱም እዚያው ናቸው።»

መነጽራቸውን አወለቁ። «ሊቃወሟቸው የፈረሙባቸውን ሰው እናት እየቀበሩ ነው?»

አምስቱም፣ ሐጂና አራቱ ባለሱቆች፣ በአንድ አፎቻ ውስጥ እንደሆኑ ነገርኳቸው። አፎቻ ሐረሪዎች እኛ ዕድር እንደምንለው ለቀብርም ለሠርግም የሚተባበሩበት ማኅበር ነው። ለመንግሥት መጥሪያ ብሎ ከቀብር የሚቀር የአፎቻ አባል በዚያ ከተማ አላየሁም። ሰብሳቢው ገባቸው፤ ብዕራቸውን አስቀመጡ። ከዚያ ስለዚህ ጉዳይ የጻፍኩት ነገር እንዳለ ጠየቁኝ። አውቶቡሶች የሚነሱበትን ሰዓት እንደምመዘግብ ተናገርኩ። ደብተሩን እንዳሳያቸው ፈለጉ።

አልሰጠኋቸውም። ፖስታዬ በዚያ አውቶቡስ ስለሚሄድ ጥቅም ያለኝ ሰው እንደሆንኩ፣ ዘጋቢም ምስክር ሆኖ መቆም እንደሌለበት አስረዳሁ።

«ደግ። ታዲያ ማን ይንገረኝ?»

«እሱን እኔ አላውቅም። ግን በአሥራ ሁለት ሰዓት የሚነሳው አውቶቡስ ወደዚህ ስመጣ ገና አልተነሳም ነበር።»

የእጅ ሰዓታቸውን አዩ። አራት ሰዓት ሊሆን ሩብ ጉዳይ ነበር። ባርኔጣቸውን አንስተው ወጡ፤ ኮሚቴውም፣ ወኪሉም፣ ጸሐፊውም ተከተሏቸው።

አውቶቡሱ እዚያው ቆሟል። ሰብሳቢው ማንነታቸውን ሳይናገሩ የትልቁን ማኅበር ተቆጣጣሪ ለምን እንደቆመ ጠየቁት። ተቆጣጣሪው ቅን ሰው ነው፤ ከተማው ሁሉ ለቀስተኛ ስለሆነ መንገደኛ እንደሌለ ነገራቸው። ከኋላ ወኪሉ ሰምቶ፣ የዛሬው ቀን ልዩ ቀን ስለሆነ በማስረጃነት ሊያዝ እንደማይገባ አሳሰበ። ሰብሳቢው ልክ ነው አሉት። ወደ ተቆጣጣሪው ዞሩና በደህናው ቀን በስንት ሰዓት እንደሚነሳ ጠየቁ።

«አሥራ ሁለት ከአምስት፣ አሥራ ሁለት ከአሥር።»

«ሞልቶ?»

«አይ፣ በዚያ ሰዓት መች ይሞላል!»

«ታዲያ ሳይሞላ ለምን ትነሳላችሁ?»

«የሐጂ አውቶቡስ ይነሳላ። ቆመን ብንቀር ያለውን ሰው ይዞብን ይሄዳል።»

«የሐጂ አውቶቡስ ባይኖርስ?»

ተቆጣጣሪው የሚያሾፉበት መስሎት ፈገግ አለ። «ከሌለማ ለምን እንነሳለን? ይሄው እንደምታዩት ነው።»

ከኮሚቴው አባላት አንዱ የተባለውን ጻፈ። ሰብሳቢው ወደ ጃንጥላው ሄዱ። «እህቴ፣ አንቺስ ምን እየጠበቅሽ ነው?»

አዴ ቀና ብላ አየቻቸው። «ሰው» አለች። «ይሄ አውቶቡስ ሃያ ሰው ካልበላ አይነሳም።»

አውቶቡሱ የተነሳው በአራት ሰዓት ከአምስት ነው። አዴ ድሬዳዋ ስትደርስ ስድስት ሰዓት ሊሆን ምንም አልቀረውም ነበር። የቀብሩ ወሬ ቀድሟት ስለደረሰ ደንበኛዋ ያን ቀን ተረከባት፤ ነገር ግን አንድ ቀን ደግሞ ከዘገየች ከአወዳይ በጭነት መኪና ከሚያመጣለት ሰው ጋር እንደሚዋዋል ነገራት። ይህን በማግስቱ ጠዋት ነው የነገረችኝ። ሁለቱን ማኅበሮች ምን እንደሚያደርጓቸው ጠየቀችኝ። ስብሰባው ለቅዳሜ ተዛውሮ ስለነበር፣ በዚያ ቀን ማዘጋጃ ቤት መጥታ ሰዓቱን ለሰዎቹ መናገር እንደምትችል ብቻ ነገርኳት።

በዚያው ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ የኮሚቴው አባላት ሐጂ ቤት ለቅሶ ደረሱ። እኔም አብሬ ነበርኩ። አራቱ ባለሱቆች በር ላይ ቆመው እንግዳ ይቀበላሉ፤ ለሰብሳቢውም ምንጣፍ ላይ ቦታ የለቀቀላቸው ከእነሱ አንዱ ነው። ሐጂ «ኢና ሊላሂ» እያሉ የሰውን እጅ ይጨብጣሉ። ስለ አክሲዮን ማንም ቃል አልተነፈሰም። ሰብሳቢው ሲወጡ ስብሰባው ወደ ቅዳሜ መዛወሩን ለጸሐፊው ነገሩት። ሦስቱ የለቅሶ ቀኖች እስኪያልፉ፣ ከዚያም ዓርብ የጁምዓ ስግደት ስለሆነ ነው።

ቅዳሜ ጠዋት አዳራሹ ሞላ። መጀመሪያ የተነሱት ባለሱቆቹ ናቸው። በዕድሜ የሚበልጡት ማመልከቻችንን መልሱልን አሉ።

«ሐጂ ቤት ሦስት ቀን ተቀምጠን፣ ዛሬ መጥተን ሐጂን አንከስም» አሉ።

ሐጂ ፊት ለፊት ተቀምጠው ነበር። «እኔ እኮ አልተቀየምኩም» አሏቸው። «የጻፋችሁት ግን ውሸት ነው። ዋጋው የመንግሥት ነው፤ እኔ ልጨምር ብል መች ይፈቀድልኛል?»

ሰው ሳቀ፤ የባለሱቆቹ ሽማግሌም ሳቁ። ሰብሳቢው ማመልከቻውን መለሱላቸው። ማጣራቱ ግን የኮሚቴው ሥራ ስለሆነ ያለ ማመልከቻም እንደሚቀጥል ተናገሩ፤ ሌላ የሚናገር ሰው እንዳለም ጠየቁ። ባለሱቆቹ መሬት መሬት ያያሉ። ከኋላ በር አጠገብ አዴ ተነሳች። ጫቷን በሐጂ አውቶቡስ ለሾፌሩ አደራ ብላ ልካ ነው የመጣችው።

በአማርኛዋ መሐል ኦሮምኛ እየገባ ተናገረች፤ ሁሉም ሰማት። ከየት እንደምትነሳ፣ ስንት ሰዓት እንደምትደርስ፣ ደንበኛዋ እስከ ስንት ሰዓት እንደሚጠብቃት አስረዳች። ከምሳ በኋላ የደረሰ ጫት ለፍየል ነው አለች። ከኮሚቴው አባላት አንዱ፣ ወረቀቱ ላይ እያየ፣ ማኅበሩ አንድ ሲሆን ዋጋ ይጨምርብኛል ብላ ትሰጋ እንደሆነ ጠየቃት።

«ዋጋውንማ ሐጂ ተናገሩ፤ የመንግሥት ነው።»

«ታዲያ ምንድን ነው የምትፈልጊው?»

«በአሥራ ሁለት ሰዓት እንዲነሳ።»

«ሌላስ?»

«ሌላ የለም።»

ሐጂ ዞር ብለው አዩዋት። «ይህችን ሴት አላውቃትም» አሉ። «ስንት ዓመት ጫንሽብኝ?»

«ስድስት ዓመት፣ ሐጂ።»

ሰብሳቢው ሐጂን ሳይሞላ የሚያስነሱበትን ምክንያት ጠየቋቸው። ሐጂ ሱብሒ፣ የንጋቱን ሶላት፣ ሰግደው ሲወጡ አስነስተው ወደ ቤታቸው እንደሚገቡ፣ ቆሞ ሰው መጥራት ከጥንትም እንደማይሆንላቸው ተናገሩ። ቀጥለውም፣ «ለአውቶቡሶቹ ዋጋ አውጥተንላቸዋል። ለጋራዡም አውጥተንለታል። ሰዓቱን ግን የጠየቀኝ ሰው የለም» አሉ።

ወኪሉ ተነሳ። «እንግዲህ ባዶውንም ቢሆን ይሂድ ነው የምትሉን?»

«ሐጂ፣ ባዶውን ሄዶ ያውቃል?» አሉ ሰብሳቢው።

«አንድ ክረምት ሾፌሩና ረዳቱ ብቻ ሄደዋል። ረዳቱ ለሾፌሩ ትኬት ልቁረጥልህ ብሎት ደንገጎ እስኪደርሱ ተጣልተዋል።»

ወኪሉም ጭምር ሳቀ። የመጀመሪያውን አውቶቡስ ሰዓት በጽሑፍ ለመያዝ ማኅበሩ ይስማማ እንደሆነ ሲጠየቅ፣ ድሬዳዋ ሄዶ ማማከር እንዳለበት መለሰ። ሰብሳቢው አማክር አሉት። ስብሰባው በስድስት ሰዓት ተዘጋ፤ ኮሚቴው በማግስቱ ወደ አዲስ አበባ ተመለሰ።

በክረምቱ መግቢያ ላይ ውሳኔው በማዘጋጃ ቤቱ ሰሌዳ ተለጠፈ። ቆሜ ቃል በቃል ገለበጥኩት። ሽያጩ ተፈቅዷል። ገዢው ማኅበር ግን ከፈላና በር ወደ ድሬዳዋ የሚሄደውን የመጀመሪያ አውቶቡስ፣ የመንገደኛው ቁጥር ምንም ያህል ቢሆን፣ በየቀኑ ከጠዋቱ በአሥራ ሁለት ሰዓት እንዲያስነሳ ግዴታ ገብቷል፤ ይህን ካላደረገ የመንገድ ፈቃዱ እንደገና ይታያል። ጋዜጣው ከዜናዬ ሽያጩን አወጣ፤ የሰዓቱን ነገር ቦታ ስለጠበበ አስቀረው።

አዴ ማንበብ ስለማትችል የገለበጥኩትን አነበብኩላት። ሁለት ጊዜ አስደገመችኝ። ከዚያ ወረቀቱን ማን እንደሚያስከብረው ጠየቀችኝ። ሚኒስቴሩ አልኳት። ሚኒስቴሩ የት እንዳለ ጠየቀችኝ። አዲስ አበባ አልኳት።

ሐጂ አክሲዮናቸውን በሐምሌ አስረከቡ። አውቶቡሶቻቸው ቀለማቸው ተለወጠ። አዲሱ ባለቤት ብቻውን መሥራት የጀመረው አንድ ሰኞ ነው። በዚያ ጠዋት ዝናብ ነበር። በዝናብ መንገደኛ ስለማይኖር አውቶቡሱ መቆሙ አይቀርም ብዬ ስለገመትኩ ቀስ ብዬ ነው ከቤት የወጣሁት። ፖስታዬን ካፖርቴ ውስጥ ይዤ መነሻው ጋ ስደርስ አሥራ ሁለት ከሩብ ነበር። ቦታው ባዶ ነው። ተቆጣጣሪው በበሩ ጥግ ተጠልሎ ሻይ ይጠጣል።

«ሄደ?» አልኩት።

«ሄደ።»

«በስንት ሰዓት?»

«አሥራ ሁለት ከሦስት።»

«በስንት ሰው?»

«በአራት።»

ሻይ የምትሸጠውን ሴት ለብቻዋ ጠየቅኋት። አሥራ ሁለት ሰዓት አለፍ እንዳለ መሄዱን፣ አራት ሰው መሳፈሩን፣ ከአራቱ አንዷ አዴ መሆኗን፣ ጫቷም በሸራ ተሸፍኖ ጣሪያ ላይ መጫኑን ነገረችኝ።